ካሜራው ጅማ አልደረሰም

የዛሬዋ ጽሑፍ ረዘም ትላለችና ቡናችሁን አስቀድታችሁ ቁጭ በሉ። «በእኛ» ብዬ ካልጻፍኩ በስተቀር ዓመተ ምሕረቶቹ የፈረንጅ ናቸው።

ስለ አንድ የቡና ፊልምና ስለ ሠሪዎቹ ልጽፍላችሁ ነው። ፊልሙ «ብላክ ጎልድ» ይባላል፤ ጥቁር ወርቅ ማለት ነው። የሠሩት ማርክ ፍራንሲስና ኒክ ፍራንሲስ የተባሉ እንግሊዛውያን ወንድማማቾች ናቸው። ብዙዎቻችሁ ስሙን ሰምታችኋል፣ ጥቂቶቻችሁ አይታችሁታል። እኔ ስለ ፊልሙ የማስበውን ለመናገር ግን ትንሽ ወደኋላ መሄድ አለብኝ። ምክንያቱም የውጭ ሰው ካሜራ ይዞ ወደ አገራችን ሲመጣ ይህ የመጀመሪያው አልነበረም፤ ከእሱ በፊት የመጡት የተከሉብን መልክ አለ።

ኦክቶበር 18 ቀን 1973 ጆናታን ዲምብልቢ የተባለ የ29 ዓመት ጋዜጠኛ የወሎን ረሃብ ለእንግሊዝ ተመልካች አሳየ። የፊልሙ ስም «ያልታወቀው ረሃብ» ነው። ያልታወቀው ለማን እንደሆነ ልብ በሉ፤ ወሎዬውማ ያውቀዋል፣ ባለሥልጣኑም ያውቀዋል። ዓመት ሊሞላው ጥቂት ሲቀረው፣ በእኛ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ምሽት፣ ደርግ ያንኑ ፊልም ከቤተ መንግሥት ድግስ ምስል ጋር እየቀጠለ በቴሌቪዥን አሳየው። በማግስቱ ጃንሆይ ከዙፋናቸው ወርደው በቮልስዋገን ተወሰዱ። ጅማ ያን ጊዜ ቴሌቪዥን የለ፤ እኛ ወሬውን የሰማነው በሬዲዮ ነው። ፊልሙን ያየሁት ከብዙ ዓመት በኋላ ነው። ዲምብልቢ የቀረጸው እውነት ነው። ግን መቀሱን የያዘው ሌላ ሲሆን ያው እውነት የሌላ ሰው መሣሪያ ይሆናል። ይህን ነጥብ ያዙልኝ፤ እመለስበታለሁ።

ከዚያ 1984 መጣ። መሐመድ አሚንና ማይክል ቡርክ ኮረም ላይ የቀረጹት ዘገባ በኦክቶበር 23 በቢቢሲ ታየ። የተቀረውን ታውቁታላችሁ፤ ዘፈኑ፣ ኮንሰርቱ፣ የስንዴው ከረጢት። መሐመድ አሚን ያን ሁሉ አልፎ በ1996 በተጠለፈው የኢትዮጵያ አየር መንገድ አውሮፕላን ኮሞሮስ አጠገብ ባሕር ላይ ሞተ። ነፍሱን ይማር፤ ለዚህ አገር ብዙ ሰው አትርፏል።

ሁለቱ ፊልሞች ባለውለታዎቻችን ናቸው፣ አልክድም። ነገር ግን የተከሉት መልክ አንድ ነው፤ ዝናብ ጠፋ፣ ሰው ተራበ፣ ፈረንጅ ይርዳ። የተራበው ሰው ምን እንደሚያመርት፣ ምርቱን ለማን እንደሚሸጥና በስንት እንደሚሸጥ የሚጠይቅ የለም። ወሎን እንኳ ልተወው። የዓለምን ስኒ የሚሞላው የቡና ገበሬ ሲራብ ግን ዝናብ ብቻውን መልስ አይሆንም።

ፍራንሲስ ወንድማማቾች የገቡት በዚህ ክፍተት ነው። በ2002 መጨረሻና በ2003 ከ10 ሚሊዮን በላይ ሰው እርዳታ ፈላጊ ሆኖ ነበር። በዚያው ሰሞን ኔስሌ ደርግ በ1975 የወረሰው ድርጅት ካሣ ይከፈለኝ ብሎ ከኢትዮጵያ መንግሥት 6 ሚሊዮን ዶላር ይጠይቃል! ዓለም ጉድ አለ። በኋላ በ1.5 ሚሊዮን ዶላር ተስማምቶ ገንዘቡን ለረሃቡ እርዳታ ሰጠው። ለንደን ላይ ደግሞ በየመንገዱ ጥግ ቡና ቤት ይከፈታል። ወንድማማቾቹን ያስገረማቸው የእነዚህ ነገሮች አንድ ላይ መሆን ነው። ካሜራ ይዘው በ2003 መጡ።

እዚህ ላይ ዋጋው ለምን እንደወደቀ ካልተናገርኩ ታሪኩ አይገባም። ከ1962 ጀምሮ አምራችና ገዢ አገሮች በዓለም አቀፍ የቡና ስምምነት ተሳስረው ነበር። ገበያው ሲጥለቀለቅ እያንዳንዱ አገር የሚልከው መጠን በኮታ ይቀነሳል፤ ዋጋው መሬት አይነካም። በ1989 ኮታው ፈረሰ። ቬትናም በጥቂት ዓመታት ውስጥ ከብራዚል ቀጥላ ሁለተኛዋ አምራች ሆነች። በ2001 ማብቂያ ላይ በኒውዮርክ ገበያ የአንድ ፓውንድ ቡና ዋጋ ከ50 ሳንቲም ዶላር በታች ወረደ። የስኒው ዋጋ ግን አብሮ አልወረደም። ጅማ ዞን ውስጥ በእነዚያ ዓመታት ያስተማራችሁ መምህራን ሁላችሁም ታስታውሳላችሁ፤ ደብተር ያልገዛ ልጅ፣ ከኅዳር በኋላ የሚጎድል ወንበር። ለቀማው ሲያልቅ ገንዘብ መምጣት ነበረበት፤ አልመጣም።

ፊልሙ በጃንዋሪ 2006 ሰንዳንስ ላይ ታየ። ተራኪ የለውም፤ በጽሑፍ ጥቂት ነገር እያሳየ ሌላውን ለሰዎቹ ይተዋል። የሚከተለው አንድ ሰውን ነው፤ አቶ ታደሰ መስቀላን፣ የያኔውን የኦሮሚያ ቡና አምራች ገበሬዎች ኅብረት ሥራ ዩኒየን ሥራ አስኪያጅ። ዩኒየኑ የተቋቋመው በ1999 ነው፤ ፊልሙ ሲሠራ ከ70 ሺህ በላይ ገበሬዎችን ይወክል ነበር። አቶ ታደሰ ገበሬዎቹን ሰብስበው «ፈረንጅ አገር አንድ ስኒ ቡና በስንት ይሸጣል?» ብለው የሚጠይቁበት ቦታ አለ። ገበሬዎቹ ይገምታሉ። እሳቸው ዋጋውን ይነግሯቸዋል፤ ከአንድ ኪሎ 80 ስኒ እንደሚወጣም ያሰሉላቸዋል። የገበሬዎቹን ፊት ካሜራው ዝም ብሎ ያየዋል። ሒሳብ ላስተማራችሁ ሁሉ ይህን ክፍል ማሳየት እወዳለሁ፤ ማባዛት ሰውን እንዲህ ሲያስደነግጥ ሌላ ቦታ አላየሁም።

ከዚያ አዲስ አበባ እንገባለን። የጨረታው አዳራሽ፣ ከዚያም ቀኑን ሙሉ ቁጭ ብለው ፍሬ የሚለቅሙ ሴቶች፤ የቀን ገቢያቸው ግማሽ ዶላር ገደማ። ቀጥሎ ለንደን፤ አቶ ታደሰ በሱፐርማርኬት መደርደሪያ ላይ የገበሬዎቻቸውን ቡና ይፈልጋሉ። ሲያትል፣ ስታርባክስ የተጀመረበት ከተማ፤ የሱቁ ኃላፊ በደስታ ስለ ድርጅቷ ስታወራ ቆይታ ፊልሙ ሲዳማ ውስጥ ወዳለ የተጎዱ ሕፃናት መመገቢያ ማዕከል ይዞን ይሄዳል። እዚያ አንዲት ሕፃን ትመዘንና «ገና በጣም አልተጎዳችም» ተብላ ትመለሳለች። በ2003 ካንኩን ላይ የተሰበሰበው የዓለም ንግድ ድርጅት ጉባኤም አለ፤ ያለ ስምምነት ሲበተን ያሳያል።

የምርመራ ሥራ ማለት ለእኔ ይህ ነው። ወንድማማቾቹ የተደበቀ ካሜራ አልተከሉም፣ ሚስጥራዊ ሰነድ አልሰረቁም። አንድ ኪሎ ቡና ከእርሻው እስከ ስኒው ድረስ ተከትለው በየደረጃው «እዚህ ስንት ሆነ?» ብለው ጠየቁ። ትልልቆቹን ቡና ገዢዎች፣ ክራፍትን፣ ኔስሌን፣ ፕሮክተር ኤንድ ጋምብልን፣ ሳራ ሊን፣ ስታርባክስን ጨምሮ፣ ቃለ መጠይቅ ጠየቁ፤ አንዳቸውም እሺ አላሉም። ፊልሙ ይህንኑ ጽፎ ያሳያል። እምቢታም ማስረጃ ነው፤ ለተመልካች ማሳየት ከተቻለ።

እንከን የለውም እያልኩ አይደለም። የሲያትሏን ሴት ከሕፃኗ ጋር ያጋጠመበት አቆራረጥ ከባድ ነው፤ ልጅቷ እኮ ተቀጣሪ ነች፣ ዋጋ አትወስንም። ፊልሙ ሲወራለት አብሮት የሚመጣው «ቡና ከነዳጅ ቀጥሎ በዓለም ሁለተኛው የንግድ ሸቀጥ ነው» የሚለው አባባልም ከቁጥር ጋር ሲገናኝ አይቆምም፤ ፈተና ላይ እንዳትጽፉት። ስታርባክስም ፊልሙ ሙሉውን ስዕል አያሳይም ብሎ ተከራክሯል። ቢሆንም ቃለ መጠይቁ ላይ ሄዶ ቢሆን ኖሮ ሙሉውን ለማሳየት ዕድል ነበረው።

ቀጥሎ የሆነው ነው ፊልሙን የታሪክ ጉዳይ የሚያደርገው። ኢትዮጵያ በ2005 ይርጋጨፌ፣ ሐረርና ሲዳሞ የሚሉትን ስሞች በአሜሪካ የንግድ ምልክት አድርጋ ለማስመዝገብ አመልክታ ነበር። ይህን የመራው በአቶ ጌታቸው መንግሥቴ የሚመራው የአዕምሯዊ ንብረት ጽሕፈት ቤት ነው። ብልህ ሐሳብ ነበር። ዋጋውን ኒውዮርክ ከወሰነው፣ ስሙን እኛ እንያዘው ማለት ነው። የአሜሪካ የቡና ነጋዴዎች ማኅበር ተቃወመ። በኦክቶበር 2006 ኦክስፋም ስታርባክስ ከጀርባ አለበት ብሎ ዘመቻ ከፈተ፤ ስታርባክስ አስተባበለ። ከ90 ሺህ በላይ ሰው ለኩባንያው ደብዳቤ ላከ፣ ስልክ ደወለ። ፊልሙ በዚያው ጊዜ በየሲኒማ ቤቱ ይታይ ነበር፤ አቶ ታደሰም በየአዳራሹ እየተጋበዙ ይናገሩ ነበር። በጁን 2007 ስታርባክስና ኢትዮጵያ ስለ ሦስቱ ስሞች ስምምነት ፈረሙ።

ፊልሙ ብቻውን አደረገው ወይ? አይደለም። ሕግ የሚያውቁ ባለሙያዎች ነበሩ፣ ዘመቻ የሚያውቅ ድርጅት ነበረ። ያለ እነሱ ፊልሙ የሚያሳዝን ፊልም ሆኖ ይቀር ነበር። ያለ ፊልሙ ደግሞ የንግድ ምልክት ክርክር የጠበቆች ወረቀት ነው፤ ማን ያነበዋል? ያ ሁሉ ሰው ስልክ ሲያነሳ ፊት ያለው ሰው፣ አቶ ታደሰን፣ አይቶ ነበር። የኮረሙ ፊልም ያየ ሰው ገንዘብ ላከ። ይህኛውን ያየ ሰው ግን ኩባንያውን ጠየቀ። ልዩነቱ እዚህ ላይ ነው፤ ትልቅ ልዩነት ነው።

ወንድማማቾቹ ከዚያ ምን ሆኑ ብትሉ፣ በ2010 «ቻይና አፍሪካን ስታገኝ» የሚል ፊልም ሠሩ፤ ዛምቢያ ውስጥ አንድ ቻይናዊ ገበሬ፣ አንድ ቻይናዊ የመንገድ ሥራ ኃላፊና አንድ የዛምቢያ ንግድ ሚኒስትር እየተከተሉ። ያው ዘዴ ነው፤ ሰው ምረጥ፣ ተከተል፣ ሒሳቡን ተመልካች ይሥራ። በ2017 ማርክ ከሌላ ባልደረባ ጋር ሆኖ ስለ ቬትናማዊው የቡዲስት መነኩሴ ስለ ቲክ ናት ሃን ገዳም ፊልም አወጣ። ከቡና ገበያ ወደ ገዳም ጸጥታ! ስንት ዓመት ዋጋ ሲከታተል የኖረ ሰው ቢመንን አይፈረድበትም።

አሁን ወደ ሰፈራችን ልምጣ።

ፊልሙን መጀመሪያ ያየሁት በእኛ 2001 ዓ.ም. አካባቢ፣ ከባልደረቦቼ ጋር፣ በአንድ ላፕቶፕ ዙሪያ ተደራርበን ነው። ሲያልቅ ዝም አልን። የጎማ ወረዳ ልጅ የሆነ አንድ ባልደረባችን፣ አባቱ የቡና ገበሬ ናቸው፣ «እና ጅማስ?» አለ።

ልክ ነው። ዩኒየኑ ከጅማ ዞንም አባል ማኅበራት አሉት፤ የፊልሙ ገበሬዎች ግን ኪለንሶ ሞኮኒሳ ናቸው፣ በደቡብ በኩል። ከተመዘገቡት ሦስት ስሞች ውስጥም ጅማ የለችም። ጮጬ ላይ «ቡና እዚህ ተገኘ» እያልን ለልጆቻችን የምንተርከው እኛ፣ ከአባ ጅፋር ዘመን ጀምሮ የሂርማታን ገበያ በቡና የሞላነው እኛ፣ ስማችን በገዢ ዘንድ ምን እንደነበር ታውቃላችሁ? «ጅማ 5»። ደረጃ አምስት፣ ያልታጠበ፣ ከሌላ ቡና ጋር የሚቀላቀል። ከአገሪቱ ወጪ ቡና ትልቅ ድርሻ ነበረው፤ በጆንያ እንጂ በስም አይታወቅም።

ይህ የሆነው ቡናችን መጥፎ ስለሆነ አይደለም። እሸቱ ከጥሬው ጋር አብሮ ይረገፋል፣ መሬት ላይ ይሰጣል፣ ዝናብ ይመታዋል። ለምን? የበሰለውን ለይቶ የለቀመም፣ ያልለየም ለሰብሳቢው ሲያስረክብ ዋጋው ያው ነዋ! ሰው በከንቱ አይደክምም።

አንድ ነገር ላጫውታችሁ፤ ይቺን ሳስብ ሁሌ ፈገግ እላለሁ። በ1971 የቡና ፍሬ በሽታ አገራችን ገባና እርሻውን ያጠፋው ጀመር። መልኮ ያለው የጅማ ግብርና ምርምር ማዕከል፣ በ1967 የተቋቋመው፣ ባለሙያዎቹን በደቡብ ምዕራብ ጫካ ውስጥ አሰማርቶ በሽታውን የሚቋቋሙ ዛፎችን አስመረጠ። 74110 እና 74112 የሚባሉት ዝርያዎች እንዲህ የተገኙ ናቸው፤ 74 የሚለው የተመረጡበትን ዓመት፣ 1974ን ያመለክታል። እነዚህ ዛሬ በሲዳማም በጌዴኦም ተተክለዋል። እናም ቶኪዮ ወይም ሲያትል ላይ «ይርጋጨፌ» ተብሎ በውድ ከሚጠጣው ውስጥ መልኮ የመረጠው ቡና አለበት። ችግኙ የኛ፣ ስሙ የነሱ። የጌዴኦ ወዳጆቼ እንዳትቀየሙኝ፤ አጣጠባችሁና አያያዛችሁ ስሙን አስገኝቶላችኋል፣ ይገባችኋል።

ስማችንም ቢሆን ለዘላለም እንደዚያ አልቀረም። ከ2009 ወዲህ በአጋሮና በዙሪያው ገበሬዎች በማኅበር ተደራጅተው፣ በቴክኖሰርቭ ድጋፍ፣ ማጠቢያ ጣቢያ መትከል ጀመሩ። ከእነሱ አንዱ ዱሮሚና ነው። በ2012 ዱሮሚና በአፍሪካ የጥራት ቡናዎች ውድድር አንደኛ ወጣ። የ«ጅማ 5» አገር! በጥቂት ዓመታት ውስጥ ዛፉም መሬቱም ሳይለወጥ። የተለወጠው ቀይ ቀዩን ለቅሞ ለሚያመጣ ተጨማሪ ዋጋ መከፈሉ ነው።

ይህን ታሪክ ማን ቀረጸው? እኔ ያየኋቸው ጥቂት ደቂቃ የሚቆዩ የፕሮጀክት ፊልሞች ናቸው። ሁሉም ይስቃል፣ ሙዚቃው ይደምቃል፣ ፍሬው ቀይ ነው። ጥያቄ የለም።

ጥያቄው ግን ሞልቷል። «ብላክ ጎልድ» በዓለም ገበያ በኩል የሄደውን መንገድ ረጅም አድርጎ አሳይቶናል፤ ከእርሻው እስከ አዲስ አበባ ያለው መንገድ ግን በፊልሙ ውስጥ አጭር ነው። እኛ እናውቀዋለን። ገበሬ፣ ሰብሳቢ፣ አቅራቢ፣ ጨረታ፣ ላኪ። ሚዛኑ ላይ 17 ኪሎ ነው የሚባለው ፈረሱላ ስንት ኪሎ ሆኖ ይወጣል? በክረምት ለበሽተኛ ልጅ የተወሰደው ብድር በኅዳር በስንት ፈረሱላ ጀንፈል ይመለሳል? በ2008 የምርት ገበያው ሲቋቋም ዋጋ በሰሌዳ እንዲታይ አደረገ፤ ትልቅ ነገር ነው። ግን የአንዱ ቀበሌ ቡና ከሌላው ጋር በደረጃ ተደባልቆ ስለሚሸጥ፣ በማኅበር ያልተደራጀው ገበሬ ስሙ መጋዘን በር ላይ ይቀር ነበር። ሕጉ በኋላ ላላ፤ ጥቅሙ ማን ቤት ገባ የሚለውን ግን ካሜራ ይዞ የተከተለ አላየሁም።

ለምን አልተከተለም? አንዱ ምክንያት ገንዘብ ነው። ሌላው ደግሞ «ዶክመንተሪ» የሚለው ቃል ራሱ ነው። የእኛ ሰው ይህን ቃል የሚያውቀው ከየት ነው? በ2011 ከ«አኬልዳማ»፣ በ2013 ከ«ጂሃዳዊ ሐረካት»። ፍርድ ቤት ገና ያልፈረደባቸውን ሰዎች ቴሌቪዥን የፈረደባቸው ፊልሞች። ሁለተኛው በታየ ሰሞን ጅማ ላይ ሰው ሻይ ቤት ተቀምጦ እንዴት ዝም እንዳለ የምታስታውሱ ታስታውሳላችሁ። ከዚያ በኋላ አንድ ወጣት ካሜራ ይዞ «ዶክመንተሪ ልሠራ ነው» ቢል ገበሬው በሩን ቢዘጋበት ምን ይገርማል? በእኛ በ1967 መስከረም የተያዘው መቀስ ከእጅ ወደ እጅ ሲተላለፍ ኖሯል።

ቢሆንም የሠራ አለ። ሳሌም መኩሪያን አላውቃትም የሚል ካለ ይፈልጋት፤ በ1997 የተማሪውን ንቅናቄና ቀይ ሽብርን በገዛ ቤተሰቧ ታሪክ በኩል ያየችበት ዘጋቢ ፊልም አላት። ሩቅ ሆና ነው የሠራችው፣ አሜሪካ። ግን የምትጠይቀው የገዛ ሰዎቿን ነው፤ ለፈረንጅ ለማስረዳት አትቸኩልም። የጅማን የቡና መንገድ የሚከተል ሰው ከፍራንሲሶች ዘዴውን፣ ከእሷ ደግሞ ይህን ድፍረት ቢወስድ እወዳለሁ።

ከእናንተ የምለምነው አንድ ነገር ነው። የቡና ዋጋ በኒውዮርክ ከቀን ወደ ቀን ተመዝግቧል። በማና፣ በጎማ፣ በሊሙ፣ በጌራ፣ በሰቃ ጮቆርሳ ገበሬው እጅ የገባው ግን አብዛኛው በወረቀት ቁራጭ ላይ ነው ያለው። ወላጆቻችሁ ቡና ሲያስረክቡ የተቀበሉት ደረሰኝ፣ የማኅበር ደብተር፣ የብድር ወረቀት በሣጥን ውስጥ ካለ ፎቶ አንስታችሁ በውስጥ መስመር ላኩልኝ። ስም ሸፍኑት። ቀኑ፣ ኪሎውና ብሩ ከታየ ይበቃኛል። በተለይ በእኛ ከ1992 እስከ 1996 ዓ.ም. ያለውን ነው የምፈልገው።